የእትዬ የሺወርቅ ሰርቪስ

ከዚህ በፊት አንድም ነገር ጽፌ አላውቅም። ስድስተኛ ክፍል ጨርሼ ከትምህርት ቤት ከወጣሁ ወዲህ ብዕር የያዝሁት የቀበሌ መታወቂያ ሳወጣ ለመፈረም ብቻ ነው። ይህን ገጠመኝ እንድጽፍ የገፋፋችኝ ሲስተር ትዕግስት ናት። «በአፍሽ እንደነገርሽኝ አድርገሽ ጻፊው። አንባቢ እንደሆነ ሰው ነው፣ አይበላሽም» አለችኝ። እኔ ሰው ፊት ማውራት ስለምፈራ፣ ወረቀት ፊት ይሻለኛል ብዬ ጀመርሁ። ባጠፋም እናንተው አቃኑልኝ።

ስሜ ስንዱ ነው። ተወልጄ ያደግሁት ጭልጋ ገጠር ነው። ጎንደር የገባሁት የአክስቴ ልጅ ሥራ አግኝታልኝ፣ ቁስቋም አካባቢ እትዬ የሺወርቅ ቤት ነው። እትዬ የሺወርቅ ሆስፒታል ላቦራቶሪ ውስጥ የሚሠሩ፣ ባለቤታቸው የሞቱባቸው፣ ልጆቻቸው አዲስ አበባ የሚኖሩ ሴት ናቸው። ንግግራቸው አጭር ነው። ክፉ አይደሉም፤ ግን ቀና ብለው ሲያዩኝ የማውቀው ሁሉ ይጠፋኛል።

የምኖረው በግቢው ጓሮ ባለችው አንዲት ክፍል ውስጥ ነው። ከተማ የኖረ ሰው ያውቃታል፤ ስሟ ሰርቪስ ነው። ጎረቤቶቻችን ስሜን ስላልያዙት «የሰርቪሷ ልጅ» ይሉኝ ነበር። አልከፋኝም። ሱቅ ስሄድ እንኳ ባለሱቁ ራሱ እስኪያየኝ ድረስ ዳር ቆሜ የምጠብቅ፣ ሌላ ሰው ሲቀድመኝ ጭራሽ ገለል የምልለት ልጅ ስለነበርሁ፣ በስሜ የሚጠራኝ ቢመጣም ምን እንደምለው አላውቅም።

አንድ የምመኘው ነገር ነበር። ሰባተኛ ክፍልን በማታ መማር። ትምህርት ቤቱ ከቤታችን ሩቅ አይደለም፤ ወደ ፒያሳ ስወርድ በአጥሩ በኩል አልፋለሁ። ለዚህ ግን የእትዬን ፈቃድ ማግኘት አለብኝ። ጥያቄዬን አዘጋጅቼ እስከ ሳሎኑ በር ድረስ እሄዳለሁ። እትዬ ከመነጽራቸው በላይ አየት አድርገውኝ «ምነው?» ሲሉኝ፣ «መስኮቱን ልዝጋው ወይ?» እላለሁ። በዚያ ዓመት ሳሎናችን አየር የሚባል ነገር አላገኘም።

እቤታችን ሌላም ሰርቪስ ነበር። ቡፌው ውስጥ፣ ከመስታወቱ ጀርባ የተደረደረ የሻይ ሰርቪስ። ነጭ ሆኖ ከንፈሩ ላይ ወርቃማ መስመር የዞረበት፣ ሆዱ ላይ ትንንሽ ጽጌረዳ ያለበት። ባለቤታቸው በሕይወት ሳሉ ከውጭ አገር ያመጡላቸው ነው። ለትልልቅ በዓል እየወጣ ይታጠባል፤ እኔ ሳጥብ እትዬ እራሴ ላይ ቆመው ትንፋሻቸውን ይዘው ያያሉ። ደርቆ ይመለሳል። ማንም ሲጠጣበት አይቼ አላውቅም። እንግዳ ሲመጣ በብርጭቆ ነው።

ባለፈው ሚያዝያ፣ ከፋሲካ በኋላ፣ ደባርቅ የምትኖረው ታናሽ እህታቸው ልጇን ልትድር ሆነ። ወንዱ ከትልቅ ቤተሰብ ስለሆነ እህቲቱ «እባክሽ ያንን ሰርቪስ አውሺኝ፣ አማቾቼ ፊት አታሳፍሪኝ» ብላ በስልክ ለመነቻቸው። እትዬ ሁለት ቀን አሰቡ። ከዚያ እሺ አሉ። ለዝግጅቱ እሳቸው ቀድመው በሚኒባስ ሄዱ፤ እቃውን ግን በዚያ ግፊያ ውስጥ ሊጭኑት አልደፈሩም። የሥራ ባልደረቦቻቸው ቅዳሜ ለሠርጉ የሚሄዱበት አውቶቡስ ተይዞ ነበርና፣ በእሱ ይዤው እንድመጣ አዘዙኝ። እያንዳንዱን ስኒ በጋዜጣ ጠቅልለን ካርቶን ውስጥ ጭድ ጎዝጉዘን ያሸግነው አብረን ነው።

«ስንዱ» አሉኝ ሊሄዱ ሲሉ። «ይህ እቃ እንደ ታሸገ ካልደረሰ ደባርቅ እንዳትገቢ። እዚያው መንገድ ላይ ውረጂና ወደ አባትሽ ቤት ሂጂ።»

ስቀው ነው የተናገሩት። እኔ ግን አልሳቅሁም። በልቤ የያዝሁት ሌላ ነበር። እቃውን በደኅና አደርሳለሁ፣ ሠርጉ ያምራል፣ እትዬ ደስ ይላቸዋል፣ ያን ጊዜ ስለ ማታ ትምህርቱ እጠይቃለሁ። እቃው አንድ ነገር ከሆነ ግን ጥያቄውም እዚያው ይሰበራል። ጭልጋ ገጠር ደግሞ የማታ ትምህርት የሚባል ነገር የለም።

ቅዳሜ ረፋዱ ላይ አውቶቡሱ ቁስቋም በር ድረስ መጥቶ ወሰደኝ። ያው የሠራተኞች ሰርቪስ ነው፤ በሥራ ቀን ሐኪምና ነርስ ያመላልሳል፣ ቅዳሜ ደግሞ ለእንዲህ ያለው ጉዳይ ይኮናተራል። ካርቶኑን ጭኔ ላይ አድርጌ፣ ጋቢዬን ደርቤበት ከኋላ ተቀመጥሁ። አጠገቤ የተቀመጠችው ሲስተር ትዕግስት ናት። እቤታችን አልፎ አልፎ ስለምትመጣ ታውቀኛለች። ገና ወጣት ናት፤ «አንቱ ካልሽኝ አላናግርሽም» ስላለችኝ ነው አንቺ የምላት።

«ስንዱ፣ ሕፃን ነው እንዴ ያቀፍሽው?»

«አይ... ሰርቪስ ነው።»

ሾፌሩ አያ ሲሳይ ጆሯቸው የሚጥለው ነገር የለም። በመስታወቱ ወደ ኋላ እያዩ «ቆይ ቆይ» አሉ። «ይህች የየሺወርቅ የሰርቪስ ልጅ አይደለችም? እንግዲህ የሰርቪሷ ልጅ፣ ሰርቪስ ታቅፋ፣ በሰርቪስ ወደ ሠርግ ትሄዳለች ማለት ነው!»

አውቶቡሱ በሳቅ ተናጋ። እኔ አንገቴን ካርቶኑ ላይ ደፋሁ።

ከፊት ወንበር የተቀመጡት አቶ ጌታሁን ናቸው፤ የሒሳብ ክፍሉ ኃላፊ። ሙሉ ልብስ ከነክራባቱ ለብሰዋል። ዞር ሳይሉ «የእኔን ረሳችሁት። እኔም የሃያ ዓመት ሰርቪስ አለኝ፤ ጡረታዬ የሚታሰበው በእሱ ነው» አሉ።

«ያ ደግሞ ሌላ ሰርቪስ ሆነ?» አሉ አያ ሲሳይ።

«ቃሉ የእንግሊዝ ነው» አለች ሲስተር። «አገልግሎት ማለት ነው። እነሱ ዘንድ የቤተ ክርስቲያን ጸሎቱም ሰርቪስ ነው፣ ውትድርናውም ሰርቪስ ነው፣ ሆቴል ገብተህ የሚያስተናግዱህም ሰርቪስ ነው።»

«ምነው? እንግሊዞች ቃል ቸግሯቸው ነው? አንዱን ቃል ለቄሱም ለወታደሩም ለሳህኑም የሚያለብሱት?»

«እኛ ደግሞ የጓሮ ቤቱን ጨመርንበት» አለች ሲስተር፣ ትከሻዬን በትከሻዋ ነካ አድርጋ። «ይልቅ አያ ሲሳይ፣ ይህች መኪና ሰርቪስ የተደረገችው መቼ ነው?»

«እሷን አትንኳት! ከፋሲካ በፊት ነው።»

«ከየትኛው ፋሲካ?»

አሁንም ሳቅ ሆነ። አያ ሲሳይ ለመልስ ክላክስ ነፉ። እኔም ጋቢዬ ውስጥ ሆኜ ሳቅሁ። እስከዚያ ቀን ድረስ ያ ቃል የጓሮ ቃል ይመስለኝ ነበር። ቄስና ወታደር እንደሚጋሩኝ አላውቅም ነበር።

አምባ ጊዮርጊስን አልፈን ጥቂት እንደሄድን አንድ የሚሸት ነገር መጣ። ከዚያ ከፊት በኩል ነጭ እንፋሎት ቡልቅ አለ። አያ ሲሳይ ዳር ይዘው አቆሙ። ኮፈኑን ከፍተው ሲያዩ የሞተሩ የውኃ ቱቦ ተቀዷል።

«በሉ ተናገሩ» አሉ ለሁላችንም። «የምትሉኝን በሉኝና እንገላገል።»

  በሚያልፍ የጭነት መኪና ተሳፍረው ቱቦ ፍለጋ ወደ አምባ ጊዮርጊስ ተመለሱ። እኛም ወርደን መንገድ ዳር ቆምን። የወገራን ብርድ የሚያውቅ ያውቀዋል፤ በሚያዝያም ቢሆን ነፋሱ አጥንት ይፈልጋል። ሰማዩ በዳባት በኩል ጠቆረ። ጥቂት ሳይቆይ በረዶ መውረድ ጀመረ፤ የባቄላ ፍሬ የሚያህል በረዶ። ወደ አውቶቡሱ ስንሮጥ ሁለት መስኮት አልዘጋ ብሎ ውስጡ ሁሉ ነጭ ሆነ።

ከመንገዱ በላይ፣ ገብስ ማሳ ዳር፣ ጭስ የሚወጣባት አንዲት ጎጆ ነበረች። ከበሯ አንዲት ሴት ነጠላቸውን ራሳቸው ላይ ጣል አድርገው ወጡና ተጣሩ።

«ምነው እዚያ ቆማችሁ? ሰው አይደለንም እንዴ እኛ? ግቡ እንጂ!»

ሮጥን። አቶ ጌታሁን በክራባታቸው፣ ሴቶቹ ጫማቸውን በእጃቸው ይዘው፣ እኔ ካርቶኑን ጋቢዬ ውስጥ እንደ ታመመ ልጅ ደብቄ። ሃያ የምንሆን ሰዎች እንደዚያ ባለች ጎጆ ውስጥ እንዴት እንደተቀመጥን አላውቅም። በመደቡ ላይ፣ በወንበሩ፣ በሙቀጫው ላይ ሳይቀር ተቀመጥን። ጥጃ አብሮን ነበር።

ከመጋረጃ ጀርባ ሕፃን አለቀሰ። ያን ጊዜ ነው የገባን። የገባነው አራስ ቤት ነው።

«እንኳን ማርያም ማረችሽ!» አልን ሁላችንም ወደ መጋረጃው።

«ማርያም ታኑራችሁ» አለች አራሷ ከውስጥ በቀጭን ድምፅ።

የጠሩን ሴት የአራሷ እናት ናቸው፤ እትዬ እናኑ ይባላሉ። የልጃቸው ባል ለክርስትናው የሚሆን ገበያ ወርዷል። ፊታቸው በደስታ በርቶ «ሸጋ ቀን ነው! ወንድ ልጅ ተወለደልኝ፣ እግዜርም እንግዳ ሰደደልኝ» አሉ። እሳቱ ላይ ትልቅ ድስት ተጥዷል። የገብስ አጥሚት ነው፤ ቅቤው ላዩ ላይ ሰፍፎ ሽታው ቤቱን ሞልቶታል። ሲርብና ሲበርድ እንዲያ ያለ ሽታ ምን እንደሚያደርግ አልነግራችሁም።

አንባቢዎቼ የከተማ ሰዎች ከሆናችሁ ይህን ልንገራችሁ። አራስ ቤት የገባ ሰው ሳይቀምስ አይወጣም። ሳይቀምስ ከወጣ እናቲቱንም ሕፃኑንም እንደ ናቀ ነው። ቤት ያለው ሰው ደግሞ ሳያቀምስ ከሸኘ ዕድሜ ልኩን ያፍራል።

እትዬ እናኑ ማማሰያውን አንስተው ዞር ዞር አሉ። ከግድግዳው ላይ ሁለት ጣሳ አወረዱ። አንዱ ሥሩ የሚያፈስ ነበር። ከቁም ሳጥኑ አንድ የቀንድ ዋንጫ አወጡ። እንደገና ፈለጉ። ዘነቢሉን ከፈቱ፣ ዘጉ። ሃያ ሰው አዩ፤ እጃቸው ላይ ያለውን አዩ።

«ጎረቤት ብልክ... በረዶው...» አሉ ለራሳቸው።

አቶ ጌታሁን ችግራቸው ገብቷቸው ሊያቃልሉ ብለው «አይቸገሩ እናቴ፣ በልተን ነው የመጣነው። መጠለላችን ይበቃናል» አሉ። ሌሎቹም ተከትለው «ጠግበናል፣ ጠግበናል» አሉ።

ለደግነት ብለው ነው። እትዬ እናኑ ግን ፊታቸው ላይ የነበረው ብርሃን ጠፋ። ወደ ግድግዳው ዞረው በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ። እኔ ያን አዟዟር አውቀዋለሁ። እናቴ መምህራን ከከተማ እቤታችን መጥተው «ጠግበናል» ያሏት ቀን እንዲያ ነው የዞረችው። ማታ ለአባቴ «እቃችንን ተጸይፈው ነው» ስትለው ሰምቻለሁ።

ካርቶኑ ጭኔ ላይ ነበር።

እትዬ የሺወርቅ ያሉኝን ረስቼው አይደለም። እያንዳንዱን ቃል አስታውሳለሁ። የማታ ትምህርቱን አሰብሁ። የአባቴን ቤት አሰብሁ።  ዝም ብል ማንም አይጠይቀኝም፤ ካርቶኑ ውስጥ ያለው የእኔ አይደለማ። ነገር ግን ሴትዮዋ አሁንም ከግድግዳው አልዞሩም።

«እቃ አለ!» አልሁ።

እንደዚያ ጮክ ብዬ ተናግሬ አላውቅም። ጥጃው ሳይቀር ዞሮ አየኝ።

«እቃ አለ እትዬ እናኑ። ለዚሁ ነው የያዝነው። እኛም... እኛም እኮ አልበላንም።»

የካርቶኑን ገመድ መፍታት ጀመርሁ። ሲስተር ትዕግስት እጄን ያዘችኝ። «ስንዱ! የየሺወርቅ ሰርቪስ? አበድሽ?»

«ታጥቦ ይመለሳል» አልኋት። 

አየችኝ። ወደ ግድግዳው የዞሩትን ሴት አየች። እጄን ለቀቀችና ጋዜጣውን አብራኝ መፍታት ጀመረች። አንድ፣ አንድ እያለ ከጭዱ ውስጥ ወጣ። በዚያች ጠቆር ባለች ጎጆ ውስጥ ወርቃማው መስመር የእሳቱን ብርሃን ይዞ ሲያብለጨልጭ፣ ሰው ሁሉ «ኧረ!» አለ።

እትዬ እናኑ ዞሩ። አንዱን ስኒ በሁለት መዳፋቸው ተቀብለው ጽጌረዳውን አዩ። «ይህስ የጳጳስ እቃ ነው። የእኔ አጥሚት ለዚህ ይሆናል?» አሉ።

«ይሞክሩት» አልሁ።

ከመጋረጃው ጀርባ አራሷ «እማዬ፣ ምንድን ነው? አምጡት ልየው!» ብላ ጮኸች። የመጀመሪያው ስኒ ለእሷ ገባ። ከዚያ እኔ በሰርቪሱ ማንቆርቆሪያ እየቀዳሁ አደልሁ። ስኒው አሥራ ሁለት ብቻ ስለሆነ ሌሎቹ ተራ እየጠበቁ፣ ሲስተር በሙቅ ውኃ እያጠበች ነበር። ስኒውን ሰው ሁሉ እንዴት እንደያዘው ብታዩ! ትልልቆቹ ሰዎች ገና እንደ ተፈለፈለ ጫጩት በሁለት እጃቸው ይዘው፣ ወደ አፋቸው ሳይሆን አፋቸውን ወደ ስኒው እየወሰዱ ይጠጡ ነበር።

አቶ ጌታሁን አንዴ ፉት ብለው ስኒውን ከፍ አድርገው ተመለከቱት። «አሁን ፍርድ ስጡኝ» አሉ። «እኔ የሺወርቅ ቤት ስመላለስ ስንት ዘመኔ ነው። ይህን ስኒ ከመስታወት ጀርባ ሳየው ኖርሁ። አንድ ቀን ትሰጠኛለች እያልሁ! ወገራ ተራራ ላይ፣ በአጥሚት ይሁን?»

ቤቱ በሳቅ ተሞላ። እትዬ እናኑ እየሳቁ «ይድገሙ!» አሉና ድስቱን አነሡ። አቶ ጌታሁን ለአክብሮት ብድግ ብለው፣ ጎንበስ ብለው እጃቸውን ዘረጉ። ምሰሶውን አላዩትም።

ቀጭ።

ስኒው አልወደቀም። ጆሮው ግን ተገንጥሎ በጣታቸው ላይ እንደ ቀለበት ቀረ።

ሳቁ ቀጥ አለ። ሁሉም እኔን አየ። አቶ ጌታሁን የራሳቸውን ጣት እያዩ ላብ አጠመቃቸው።   እኔ ሙቀጫው ላይ ቁጭ አልሁ። ጭልጋ ታየችኝ።

እትዬ እናኑ ግን ነገሩን አላወቁም ነበርና ጆሮ የሌለውን ስኒ ተቀብለው ሞልተው መለሱላቸው። «ኧረ ጆሮ ለምን ያስፈልገዋል? ልጅም ጆሮ ሳይቆም ነው የሚወለደው» አሉ። ከዚያ ሕፃኑን አምጥተው፣ እንግዶቹ በሙሉ እንዲመርቁት በተራ አሳቀፉን። እኔም አቀፍሁት። ከዚያ ካርቶን ይቀል ነበር።

በረዶው አባርቶ፣ አያ ሲሳይ መጥተው ቱቦውን ሲቀይሩ ፀሐይ አዘቅዝቃ ነበር። መንገድ ላይ ማንም አልቀለደም። አቶ ጌታሁን ጆሮውን በመሐረብ ጠቅልለው ደረት ኪሳቸው ውስጥ አኖሩት። እኔ የምናገረውን በልቤ እየደጋገምሁ ነበር። ሲስተር «እኔ እነግራታለሁ» አለችኝ። አይሆንም አልኋት።

ደባርቅ የገባነው ሊመሽ ሲል ነው። ዳሱ በሰው ተሞልቷል፤ ሽማግሌዎች ተደርድረዋል። እትዬ የሺወርቅ ከበሩ ላይ ቆመው «የት ቀራችሁ? ስንዱ፣ እቃው?» አሉ። አፌን ልከፍት ስል አቶ ጌታሁን የሉም። ዞር ስል ከአጥሩ ሥር ጎንበስ ብለው የሆነ ነገር ያነሣሉ።

ድንጋይ ነው። የወፍጮ መጅ የሚያህል ድንጋይ ከነሙሉ ልብሳቸው፣ ከነክራባታቸው ማጅራታቸው ላይ ተሸክመው፣ በሰው መካከል አልፈው እትዬ የሺወርቅ ፊት ተንበረከኩ።

ዘፈኑ ቆመ። ከሽማግሌዎቹ አንዱ በዱላቸው ተደግፈው ተነሡ። «ምንድን ነው? ደም ነው?» አሉ ለጎናቸው ሰው። እኛ አገር ድንጋይ ተሸክሞ የሚቀርበው ነፍስ ያጠፋ ሰው ነዋ!

«አቶ ጌታሁን! ምን ሆነዋል?» አሉ እትዬ፣ ደንግጠው።

«በድያለሁ» አሉ አቶ ጌታሁን ድንጋዩ ከብዷቸው እያቃሰቱ። «ይቅር ለእግዚአብሔር ካላሉኝ አላወርደውም።»

«ማንን ገደሉ?»

አንድ እጃቸውን ድንጋዩ ላይ አድርገው በሌላው ከኪሳቸው መሐረቡን አወጡና ዘረጉት። በመሐሉ የስኒ ጆሮ።

አያ ሲሳይ ከኋላ መጥተው ተንበረከኩ። «እኔም አለሁበት። መኪናዋ ሰርቪስ ባለመደረጓ ነው ይህ ሁሉ የመጣው።» ሲስተር ትዕግስትም ተንበረከከች። ከዚያ ሌላውም፣ ሌላውም። የአውቶቡሱ ሰው ሁሉ እትዬ እግር ሥር ሆነ።

ያን ጊዜ ነገሩ ለእኔ ሲባል እንደሆነ ገባኝ። ጥፋቱን ሊጋሩኝ ነው። ዝም ብል እትዬ አቶ ጌታሁንን ይቅር ብለው ነገሩ ያልቅ ነበር። ግን እውነቱ እንዲያ አይደለም። በመካከላቸው አልፌ እትዬ ፊት ቆምሁ።

«እትዬ፣ ካርቶኑን የፈታሁት እኔ ነኝ። ማንም አላዘዘኝም። ሲስተር ከልክላኝ ነበር። አራስ ቤት ገብተን እቃ አልነበራቸውም፤ እናትየዋ አፍረው ግድግዳ ሲያዩ አላስቻለኝም። ነገም ቢሆን እፈታዋለሁ።»

የመጨረሻዋን ከየት እንዳመጣኋት እስካሁን አላውቅም። ስል የሰማሁት ከሌላ ሰው አፍ እንደሚሰማ ነው።

 እትዬ አቶ ጌታሁንን «ይቅር ለእግዚአብሔር። ያውርዱት፣ አንገትዎ እንዳይሰበር፤ እሱን የሚጠግንልኝ የለም» አሉ። ሽማግሌዎቹ ከት ብለው ሳቁ፣ ከበሮው ተመታ፣ ሰው ተነሣ። ለእኔ ግን አንዲት ቃል አላሉኝም። ካርቶኑን ተቀብለውኝ ገቡ።

ሠርጉ አማረ። ሰርቪሱ በአማቾቹ ፊት ቀረበ፤ ሰው አደነቀው። እኔ ወጥ ቤት ሆኜ ሳህን አጥብ ነበር። እትዬ በአጠገቤ ያልፋሉ፣ «ውኃ ጨምሪ»፣ «ይኼን አንሺ» ይሉኛል። ሌላ ነገር የለም። ወደ ጎንደር ስንመለስም መንገዱን ሙሉ ዝም አሉ። እኔም ልብሴን በልቤ ጠቀለልሁ።

እቤት በገባን ማግስት ከሥራ ሲመለሱ ሳሎን ጠሩኝ። ጠረጴዛው ላይ ሰርቪሱ በሙሉ ተደርድሯል። ጆሮ የሌለው ስኒ እሳቸው ፊት ነበር፤ ሻይ ቀድተውበት ይጠጣሉ።

«ስለዚያ ቤት ንገሪኝ» አሉኝ።

ነገርኋቸው። ስለ እትዬ እናኑ፣ ስለ ጣሳው፣ ስለ ሕፃኑ፣ ሙቀጫ ላይ ስለ ተቀመጡት ሐኪሞች። እትዬ ስቀው እንባቸው ወረደ። ከዚያ እንባው ሳቁ ካለቀ በኋላም ቀጠለ።

«ባለቤቴ ይህን ሲያመጣልኝ ‹እንግዳ ሲመጣ› ነው ያለኝ» አሉ። «እኔ የመጣውን ሁሉ፣ ይህ እንኳ እንግዳ አይደለም እያልሁ አስቀመጥሁት። እሱም በዚህ ሳይጠጣ ሄደ።»

አንባቢዎቼ ሆይ፣ ምክር ልሰጣችሁ አይደለም፤ እናንተ ከእኔ ታውቃላችሁ። የሆነብኝን ብቻ ልንገራችሁ። ከዚያ ቀን ወዲህ ሱቅ ስሄድ «ጨው ስጠኝ» እላለሁ፤ ባለሱቁ መጀመሪያ ቀን ማን እንደተናገረ ፈልጎ ነበር። ዓይን አፋርነቴ አልጠፋም። ይህን ስጽፍ እንኳ ፊቴ ይሞቀኛል። ግን ድምፅ እንዳለኝ አውቄያለሁ፤ ሲያስፈልግ ይወጣል። ያ የጓሮ የመሰለኝ ቃልም አሁን አይከብደኝም። «የሰርቪሷ ልጅ» የሚሉኝ ሰዎች አሁንም አሉ። ሲሉኝ፣ አቶ ጌታሁን ከነክራባታቸው ድንጋይ ተሸክመው ይታዩኝና እስቃለሁ። ሰዎቹ ለምን እንደምስቅ አያውቁም። አቶ ጌታሁን እቤታችን ሲመጡ አሁን የሚቀርብላቸው ጆሮ በሌለው በዚያ ስኒ ነው፤ እጃቸውን ከምሰሶ ለማራቅ ዙሪያቸውን ያያሉ፣ ቤታችን ግን ምሰሶ እንኳ የለውም።

ያን ምሽት ንግግራችን ሲያልቅ፣ እትዬ ከደኅናዎቹ ስኒዎች አንዱን አንሥተው ሻይ ቀዱልኝ። ቆሜ ልቀበላቸው እጄን ዘረጋሁ። ከመነጽራቸው በላይ አዩኝና ስኒውን ሳይሰጡኝ ከጎናቸው ያለውን ወንበር ሳብ አደረጉት።

«ተቀመጪ» አሉኝ። «ዓመቱን ሙሉ ሳሎኑ በር ላይ ይዘሽው የምትመላለሺውን ነገር ዛሬ ሳትነግሪኝ አትነሺም።»